ድምፃዊ አገኛችሁ፤ ከዚያስ? አርቲስት የማብቃት ሥራ ደረጃ በደረጃ

በሙዚቃ አሳታሚ ድርጅት ውስጥ አርቲስት የማብቃት ሥራ የጀመሩ ልጆች ደጋግመው አንድ ጥያቄ ይጠይቁኛል። «ጎበዝ ድምፃዊ አግኝቻለሁ፤ አሁን ምን ላድርግ?» ብዙዎቹ «ስቱዲዮ አስገባት» እንድላቸው ይጠብቃሉ። እኔ ግን ስቱዲዮን ሰባተኛው ደረጃ ላይ ነው የማስቀምጠው። ከዚያ በፊት ያሉት ስድስቱ ወጪያቸው ትንሽ ነው። ከተዘለሉ ግን በኋላ የሚያስከፍሉት ብዙ ነው።

መመሪያው ድምፃዊዋን ከሰማችሁበት ቀን ጀምሮ የመጀመሪያ ሥራዋ ወጥቶ እስኪገመገም ያለውን ይይዛል። አንድ ዓመት ገደማ መድቡለት። ለአጻጻፍ እንዲቀለኝ አርቲስቷን በሴት ጾታ እጠራታለሁ።

የሚያስፈልጉ ነገሮች

- የማዳመጫ መዝገብ። ደብተርም ስፕሬድሺትም ይሆናል። ቀን፣ የሰማችሁት ሰው፣ ምን እንደወደዳችሁና ምን እንደገመታችሁ ይጻፍበት። ገና ሥራ እየፈለጋችሁ ከሆነ ደግሞ ለቅጥር ይዛችሁ የምትሄዱት ማስረጃ ይኸው ነው። «ጥሩ ጆሮ አለኝ» ማለት ማንም ይችላል። ከዓመት በፊት ቀን ተጽፎበት የተያዘ ግምት ያለው ግን ጥቂት ሰው ነው።
- መቅጃ። ስልካችሁ ይበቃል።
- አንድ ጥሩ የጆሮ ማዳመጫና አንድ መናኛ ስፒከር። መናኛው የግድ ነው፤ አብዛኛው አድማጭ የሚሰማው በእሱ ነው።
- የድርሻ ክፍፍል ቅጽ (ከዘፈኑ ለማን ስንት መቶኛ እንደሚደርስ የሚጻፍበት)፣ ባዶውን በብዛት የታተመ።
- የበጀት ሰንጠረዥ።
- ሁለት ጠበቃ። አንዱ ለድርጅቱ፣ አንዱ ለእሷ። ሁለቱም የሙዚቃ ውል የሚያውቁ ይሁኑ።
- የመለማመጃ ክፍል፣ በቋሚነት በተያዘ ሰዓት።
- እናንተን ለማስደሰት የማይዋሹ አራት አምስት አድማጮች። ዘመድ አይቆጠርም።

1. ከመፈረማችሁ በፊት ሦስት ጊዜ ስሟት

መጀመሪያ መድረክ ላይ። ሞኒተሩ (ራሷን የምትሰማበት የመድረክ ስፒከር) ሲጠፋ ወይም ከበሮው ሲፈጥን ምን እንደምታደርግ እዩ። ከዚያ ጀርባችሁን ለመድረኩ ሰጥታችሁ ተመልካቹን እዩ። ወሬውን ያቋረጠ ሰው አለ? ስልኩን ኪሱ የከተተስ? ጓደኞቿ ማጨብጨባቸው ምንም አይነግራችሁም። ቢራ ሊያዝ የተነሳው ሰው መንገድ ላይ ቆሞ ከቀረ ግን ያ ትልቅ ነገር ነው።

ሁለተኛ፣ ያለ ማይክ፣ በአንድ ጊታር ወይም ኪቦርድ ብቻ። ባንድና ሪቨርብ (ድምፅን እንደ ማስተጋባት የሚያደርገው) ብዙ ገመና ይሸፍናሉ።

ሦስተኛ፣ በስልክ የቀዳችሁትን በማግስቱ ስሙ። ፊት ለፊት ስትዘፍን የማረካችሁ ሁኔታዋ ሊሆን ይችላል። ቅጂው ድምፁን ብቻውን ያስቀምጥላችኋል።

ከዚያ አንዲት የቤት ሥራ ስጧት። «የሁለተኛውን ክፍል ግጥም እንደገና ጽፈሽ በሳምንት ውስጥ ላኪልኝ» በሏት። ግጥሙ ባያምርም ግድ የለም። የምትፈልጉት በቀኑ መምጣቱንና ከበፊቱ የተለየ መሆኑን ነው። ድምፅ ይሠለጥናል፤ ሥራ የማይወድ ሰው ግን በእናንተ ጉልበት አይገፋም።

2. ውሉን ጨርሱ

ዘፈን ከወጣ በኋላ የሚደረግ ድርድር ሁልጊዜ ይከራል። ስለዚህ አሁን፣ ገና ማንም ምንም ሳያጣና ሳያገኝ ይጠናቀቅ። ውሉ ውስጥ ቢያንስ እነዚህ በግልጽ ይጻፉ፦ የማስተሩ (የተጠናቀቀው ቅጂ) ባለቤት ማን እንደሆነና ለስንት ዓመት፣ ስንት ሥራ እንደሚጠበቅ፣ የድርሻዋ መቶኛ፣ የትኛው ወጪ ከእሷ ድርሻ እንደሚመለስና የትኛው እንደማይመለስ፣ ድርጅቱ ሥራውን ሳያወጣ ቢቀር ምን እንደሚሆን፣ ድምፅዋን በሰው ሠራሽ አስተውሎት አስመስሎ ለመሥራት ፈቃድ መኖር አለመኖሩ።

ወጪ ማስመለስ የሚባለውን በቁጥር አሳዩዋት። ብዙ ጠብ የሚነሳው ከዚህ ነው። ለምሳሌ ቅድመ ክፍያ 100,000፣ ቀረጻ 60,000፣ ቪዲዮ 40,000 ወጣ እንበል። ውሉ የቪዲዮውን ግማሽ ብቻ ከእሷ ላይ ያስመልሳል። ስለዚህ በእሷ ሒሳብ ላይ 180,000 ዕዳ ተመዝግቧል ማለት ነው። ድርሻዋ 20 በመቶ ነው። ዘፈኑ 500,000 ቢያስገባ ለሒሳቧ የሚታሰበው 100,000 ነው፤ ገና 80,000 ይቀርባታል። ድርጅቱ ግን 200,000 አውጥቶ 500,000 ተቀብሏል። እሷ ከቅድመ ክፍያው ውጭ ሳንቲም እንድታይ ገቢው ከ900,000 ማለፍ አለበት።

ይህን ስሌት በራሷ እጅ አሠሯት። ፊቷ ከተለወጠ ጥሩ ነው፤ አሁን ይለወጥ። በኋላ ከሌላ ሰው ከምትሰማው ከእናንተ ብትሰማው ይሻላል።

ማስጠንቀቂያ፦ የእሷን ጠበቃ እናንተ አትምረጡላት። በድርጅታችሁ ጠበቃ ተመክራ የፈረመችው ውል ነገ ፍርድ ቤት ሊቀርብ ይችላል፤ «የራሴ አማካሪ አልነበረኝም» ማለት ጠንካራ መከራከሪያ ነው።

3. ድምፁ የሚመቸውን ቦታ ፈልጉ

ብዙ ድምፃዊ የሚዘፍነው የሚያደንቀው ሰው በዘፈነበት ኪይ (ዘፈኑ የሚቆምበት የድምፅ ከፍታ) ነው። ኪዩ ለእሷ ላይሆን ይችላል። አንድ አዝማች ወስዳችሁ ሦስት ጊዜ አስቀርጹ፦ በለመደችው፣ ከዚያ በሁለት ግማሽ ድምፅ (ግማሽ ድምፅ ኪቦርድ ላይ ከአንዱ ቁልፍ እስከ ሚቀጥለው ያለው ርቀት ነው) ዝቅ፣ ከዚያ በሁለት ግማሽ ድምፅ ከፍ።

ስትዘፍን አንገቷን እዩ። ከፍ ሲል አገጯ ወደ ላይ ከተነሳና የአንገቷ ሥር ከተገተረ ኪዩ ከብዷታል። ዝቅ ሲል የቃላቱ መጨረሻ ወደ ትንፋሽ ከተቀየረና ፊደሉ ከጠፋ ዝቅታው በዝቷል። ትክክለኛው ቦታ ላይ አፏ ብዙም ሳይከፈት ቃሉ ይሰማል። ያንን ኪይ መዝገቡ ላይ ጻፉት። አቀናባሪ ከመያዛችሁ በፊት ይህ መታወቅ አለበት፤ ቅንብር ካለቀ በኋላ ኪይ መቀየር እንደገና እንደመሥራት ነው።

ማስጠንቀቂያ፦ ድምፅዋ ጎርንኖ ከሁለት ሳምንት በላይ ከቆየ ቀረጻውን አቁሙና ወደ ጉሮሮ ሐኪም ላኳት። «በማር ይድናል» ብላችሁ አትግፉ።

4. ዘፈን ሰብስቡ፤ አብዛኛውን ጣሉ

እዚህ ጋ ነው ቁምነገሩ። ጥሩ ድምፅ ደካማ ዘፈን አያድንም። መካከለኛ ድምፅ ግን በጥሩ ዘፈን ሲነሳ ብዙ ጊዜ አይተናል።

ለአንድ ነጠላ ዜማ ቢያንስ 10 ረቂቅ ይኑራችሁ። ለአልበም 40 ያህል። ረቂቁ በስልክ ይቀዳ፣ በአንድ መሣሪያ። ያማረ ዴሞ (የሙከራ ቅጂ) አትጠይቁ፤ ያማረ ዴሞ ያታልላል። ቤዙ ደረታችሁን ሲመታችሁ ዜማውን የወደዳችሁት ይመስላችኋል።

ሲሰበሰብ እንዲህ ፈትሹት፦

- የጸሐፊዎቹን ስም ሸፍናችሁ በቁጥር ብቻ አሰሙ። ስም ካለ ሰው ስሙን ነው የሚመርጠው።
- አድማጮቻችሁ በማግስቱ ሳይሰሙ አዝማቹን ያንጎራጉሩ። ያላስታወሱትን ወደ ጎን አድርጉ።
- እሷ ግጥሙን ሳትዘፍን ታንብበው። ስታነብ ከአፏ የማይመጣ ቃል ካለ ይቀየር። የእሷ ያልሆነ ቃል መድረክ ላይ ያስታውቃል።
- አዝማቹ የሚገባበትን ሰከንድ ጻፉ። በኢንተርኔት ሙዚቃ የሚያሰማው ስፖቲፋይ አንድ ጨዋታ (ዘፈኑ አንድ ጊዜ ተሰማ ብሎ) የሚቆጥረው አድማጩ 30 ሰከንድ ከሰማ ነው። እዚያ ድረስ የሚያቆየው ነገር መኖር አለበት፤ የግድ አዝማች ባይሆንም ድምፅዋ ወይም የሚያዝ ዜማ ይሁን።

ለግጥምና ዜማ ደራሲ አስተያየት ስትሰጡ ደግሞ «ደስ አላለኝም» አትበሉ። ደራሲው በዚህ ምን ያደርግበታል? «አዝማቹ 1 ደቂቃ ከ10 ላይ ነው የገባው። የመጀመሪያው ክፍል ሁለት ጊዜ አንድ ነገር ይላል። ግማሹን ቆርጠህ ከ45 ሰከንድ በፊት አስገባው» በሉት። እንዲህ ከሆነ ወይ ያስተካክላል ወይ ይከራከራችኋል። ሁለቱም ይጠቅማል።

የምርጫ ስብሰባው ቋሚ ቀን ይኑረው። በርሪ ጎርዲ እ.ኤ.አ. በ1959 ዲትሮይት ውስጥ ያቋቋመው ሞታውን የተባለ የሙዚቃ አሳታሚ መደበኛ የጥራት ስብሰባ ነበረው፤ ተቀርጸው ያለቁ ዘፈኖች ሳይቀሩ እዚያ ይወድቁ ነበር። ቋሚ ቀን የሚጠቅመው «አይሆንም» ማለትን የተለመደ ሥራ ስለሚያደርገው ነው። ካልሆነ እያንዳንዱ «አይሆንም» ቂም ይሆናል።

5. ድርሻውን በዚያው ቀን ፈርሙ

አንድ ዘፈን ሁለት ንብረት ነው። ግጥምና ዜማው አንድ፣ የተቀረጸው ማስተር ሌላ። ባለቤቶቻቸው ሊለያዩ ይችላሉ፤ ገንዘቡም በተለያየ መንገድ ነው የሚመጣው። ይህን ያልለየ ሰው ክፍፍል ላይ ይሳሳታል።

ዘፈኑ የተጻፈ ዕለት ማንም ከክፍሉ ሳይወጣ ቅጹ ይሞላ። የዘፈኑ ርዕስ፣ ቀን፣ የእያንዳንዱ ሰው መታወቂያ ላይ ያለ ስም፣ ሥራው፣ መቶኛው፣ አባል የሆነበት የሮያልቲ (ዘፈኑ ሲሰማ ለባለመብቱ የሚከፈለው) ሰብሳቢ ማኅበር፣ ፊርማ። ድምሩ 100 መሆኑን ደምሩ። ግጥሙን አንድ ሰው ጽፎ ዜማውን ሁለት ሰዎች ቢሠሩት 50፣ 25፣ 25 ሊሆን ይችላል። ሌላም ሊሆን ይችላል፤ ዋናው መስማማታቸው ነው።

አቀናባሪውን ለይታችሁ ጠይቁ። የቁርጥ ክፍያ ነው የሚወስደው? ከማስተሩ መቶኛ? ከዜማው ድርሻ? ልምምድ ላይ አንድ ጊታሪስት የመግቢያውን ዜማ ከራሱ ካመነጨም ዝም ብላችሁ አትለፉት። ዘፈኑ ሳይታወቅ ሁሉም ወንድማማች ነው። ሲታወቅ ያ መግቢያ የማን እንደነበር ሁሉም ያስታውሳል።

6. መድረክ ላይ ሞክሩት

ከመቅረጻችሁ በፊት አምስት ስድስት ዘፈን ይዛችሁ ትንሽ ቦታ ላይ አቅርቡ። ምክንያቱ ቀላል ነው፤ የማይሠራ ዘፈን መድረክ ላይ በነፃ ይታወቃል፣ ስቱዲዮ ውስጥ በገንዘብ።

ቪዲዮ ቅረጹ። ከዚያ ድምፁን አጥፍታችሁ አብራችሁ እዩት። ድምፅ ሳይኖር በዘፈኖች መካከል ያለው ባዶ ጊዜ ይታያል። እጇ የት እንደሚሄድም ይታያል። አንድ ጊዜ ሁለት ነገር ብቻ አርሙ። አሥር ነገር የተነገራት ድምፃዊ በሚቀጥለው መድረክ ስለ እጇ እያሰበች ነው የምትዘፍነው።

ሞታውን ለዚህ ራሱን የቻለ ክፍል ነበረው። ቾሊ አትኪንስ እንቅስቃሴ፣ ማክሲን ፓወል አቋምና ሥነ ምግባር፣ ሞሪስ ኪንግ ሙዚቃውን ያሠለጥኑ ነበር። እናንተ ሦስት ሰው መቅጠር ላይጠበቅባችሁ ይችላል፤ ሦስቱን ግን ለይታችሁ ሥሩ። አንድ ሰው ሁሉንም በአንድ ቀን ሲያርም ሁሉም ይቀላቀላል።

7. አሁን ስቱዲዮ ግቡ

ኪይ፣ ፍጥነትና የዘፈኑ ቅርጽ ከመግባታችሁ በፊት ይወሰኑ። ስቱዲዮ ውስጥ «ይሄ ክፍል ይደገም ወይስ አይደገም?» ብሎ መከራከር በሰዓት እየከፈሉ መከራከር ነው።

ቀረጻው በ24 ቢት፣ በ48 ኪሎኸርዝ፣ በዌቭ ፋይል ይሁን። የድምፅ ቀረጻ ከሦስት ሰዓት አይለፍ። ከዚያ በኋላ ጉሮሮም ስሜትም ይደክማል።

ግጥሙን በሰፊው አትሙና በእያንዳንዱ ስንኝ አጠገብ ስድስት ትንንሽ ሳጥን ሥሩ። ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ስድስት ጊዜ ትዝፈን፣ ሳታቋርጥ። እናንተ እየሰማችሁ ሳጥኑ ላይ ምልክት አድርጉ፦ ያማረ ከሆነ ጭረት፣ ካልሆነ ነጥብ። ስትጨርስ የትኛው ስንኝ ከየትኛው ቅጂ እንደሚወሰድ ወረቀቱ ላይ አለ። ሁሉም ሳጥን ነጥብ የሆነበትን ስንኝ ብቻ መልሳችሁ ቅረጹ። «ለማሟሟቂያ ነው» የምትለውን የመጀመሪያውንም ቅረጹት፤ ሰው ያልተጨነቀበት ብዙ ጊዜ እሱ ነው።

ክፍሉ ውስጥ መሐንዲሱ፣ አቀናባሪውና እናንተ ብቻ። ጓደኛ፣ ፍቅረኛ፣ ጎብኚ አይግባ። አስተያየት የሚሰጣትም አንድ ሰው ይሁን።

8. ሚክስ፣ ማስተር፣ ፋይል

ሚክሱን (ድምፅና መሣሪያው ተመጣጥኖ የተዋሃደውን) በመናኛው ስፒከር፣ በመኪና፣ በስልክ፣ ድምፁን በጣም ቀንሳችሁም ስሙ። ቀንሳችሁ ቃሉ ከጠፋ ድምፅዋ ተውጧል። አስተያየት ከደቂቃው ጋር ይጻፍ፤ እርማት ከሦስት ዙር አይለፍ።

ማስተሩ እንዲጮህ ብላችሁ አታስጨንቁት። ስፖቲፋይ በነባሪ ቅንብሩ ሁሉንም ወደ ኔጋቲቭ 14 ሉፍስ (የጩኸት መለኪያ) አካባቢ ያመጣዋል። የተጨፈለቀው ማስተር እዚያ ሲደርስ ጩኸቱ ይወሰድና ጭፍለቃው ይቀራል።

ከመሐንዲሱ የምትረከቡት፦ ዋናው ማስተር፣ ያለ ዘፋኝ ድምፅ (ሙዚቃው ብቻ)፣ ድምፅ ብቻ፣ መሪ ድምፅ ወጥቶ አጃቢዎቹ የቀሩበት፣ እና መሣሪያዎቹ ተለያይተው። የመጨረሻ ክፍያ ከርክክብ በኋላ ይፈጸም። ሦስት ቅጂ ያዙ፣ አንዱ ሌላ ቦታ ይቀመጥ። ከዓመታት በኋላ ማስታወቂያ ወይም ፊልም ሲመጣ የሚጠይቁት ያለ ድምፅ የሆነውን ነው።

9. ልቀት

ለእያንዳንዱ ቅጂ አይኤስአርሲ ኮድ (ቅጂውን ለይቶ የሚያሳውቅ ዓለም አቀፍ መለያ) ይኑረው፤ 12 ፊደልና ቁጥር ነው። ሪሚክስና የመድረክ ቅጂ አዲስ ኮድ ይወስዳሉ። ያው ነጠላ ዜማ በኋላ አልበም ውስጥ ሲገባ ግን ኮዱ ያው ይሁን፤ ከተቀየረ የተሰበሰበው የጨዋታ ቁጥር ለሁለት ሊከፈል ይችላል።

ስሟን በላቲን ፊደል ስትጽፉ አንድ አጻጻፍ ምረጡና በሁሉም ቦታ እሱን ብቻ ተጠቀሙ። አንዲት ፊደል ከተለየች ሌላ አርቲስት ሆና ልትቀመጥ ትችላለች። የሽፋን ሥዕሉ 3000 በ3000 ፒክስል ይሁን።

ከመውጫው ቀን አራት ሳምንት ቀድማችሁ ጫኑት። የስፖቲፋይ አርታኢዎች (የዘፈን ዝርዝር የሚመርጡት) እንዲያዩት የምትልኩት ገና ያልወጣ ዘፈን ብቻ ነው። ቢያንስ 7 ቀን ቀድማችሁ ከላካችሁት ለተከታዮቿ ሳምንታዊ የአዲስ ሥራ ዝርዝርም ይደርሳል።

ማስጠንቀቂያ፦ ጨዋታ አትግዙ። የተገዛ ቁጥር ሲታወቅ ዘፈኑ ሊወርድ ይችላል። ስፖቲፋይ ከ2024 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ በግልጽ የተጭበረበረ ጨዋታ ሲያገኝ አከፋፋዩንና አሳታሚውን ይቀጣል። ከዚያ የከፋው ግን ማን እንደሚወዳት የሚነግራችሁ መረጃ መበላሸቱ ነው።

10. በ90ኛው ቀን ገምግሙ

ጠቅላላ ቁጥር ብቻ አትዩ። ጨዋታውን ለአድማጭ ቁጥር አካፍሉት። አንዱ ዘፈን 10,000 ሰው 12,000 ጊዜ ሰማው። ሌላውን 2,000 ሰው 14,000 ጊዜ። የመጀመሪያው በአጋጣሚ የተሰማ ነው። ሁለተኛውን ሰዎቹ እየተመለሱ ነው የሚሰሙት፤ የሚቀጥለው ሥራ ወደዚያ ይሂድ። ስሟን ጽፈው የሚፈልጓትንና ዘፈኑን የሚያስቀምጡትንም እዩ።

ቁጥሩ ደካማ ከሆነ ወዲያው አትልቀቋት። አሜሪካዊው ድምፃዊ ብሩስ ስፕሪንግስቲን እ.ኤ.አ. በ1973 ያወጣቸው ሁለት አልበሞች ብዙም አልተሸጡም፤ በሰፊው የታወቀው በ1975 በሦስተኛው ነው። ግን በደፈናው «እንታገስ» ማለትም አያዋጣም። መድረኳ ላይ የሚመጣው ሰው እየጨመረ ነው? አዲሶቹ ረቂቆች ከአሮጌዎቹ ይሻላሉ? ሁለቱም «አዎ» ከሆኑ ወደ ደረጃ 4 ተመለሱ። ሁለቱም «አይ» ከሆኑ በውሉ መሠረት በጊዜ ልቀቋት፤ ሌላ ቦታ ዕድሏን ትሞክር።

የተለመዱ ስህተቶች

- ጥሩ የሚሸጥ ሌላ ድምፃዊ እንድትመስል መግፋት። ሰው ዋናውን ካለው ቅጂውን አይፈልግም።
- በጀቱን በሙሉ ቀረጻና ቪዲዮ ላይ ጨርሶ ለማስተዋወቅ ባዶ እጅ መቅረት። ከጠቅላላው ቢያንስ ሲሶውን ዘፈኑ ከወጣ በኋላ ላለው ሥራ አስቀምጡ።
- አልበም ከመጀመሪያው መጀመር። ሁለት ሦስት ነጠላ ዜማ አውጥታችሁ አድማጩ ምን እንደወደደ ሳታውቁ ስምንት ዘፈን አትቅረጹ።
- ፊት ለፊት ማመስገን፣ ከጀርባ ለአቀናባሪው ማማት። ይደርሳታል።
- ወርኃዊ የሒሳብ መግለጫ ማዘግየት። ገቢው ዜሮ ቢሆንም ላኩላት። ዜሮ ከሚለው ወረቀት ይልቅ ያልመጣው ወረቀት ነው ጥርጣሬ የሚያመጣው።
- እናንተ ድርጅቱን ስትለቁ ማን እንደሚይዛት አለመጻፍ። መዝገቡ፣ የድርሻ ቅጾቹና የፋይሎቹ ቦታ በአንድ ማኅደር ይግቡ፤ አንዱን ቅጂ እሷም ትያዝ።